ስለ ዜማና ስለ አገር ሥርዓት

ወጣቶች ሆይ፤ ዜማ ለጆሮ ደስታ ብቻ የተፈጠረ ከመሰላችሁ፥ ከ2,300 ዓመት በላይ አስቀድሞ የግሪኩ ፈላስፋ ፕላቶን «ሪፐብሊክ» በተባለው መጽሐፉ የጻፈውን ተመልከቱ። የሙዚቃ ሊቅ የነበረውን ዳሞንን ምስክር አድርጎ፥ የዜማ ስልት ሲለወጥ የአገር ታላላቅ ሕጎችም አብረው ይናወጣሉ ይላል። ስለዚህ ባሰበው መንግሥት ውስጥ የልቅሶና የመጠጥ ቤት ዜማዎችን አስወግዶ የዶርያንና የፍርግያን ስልት ብቻ አስቀረ፤ ብዙ አውታር ያላቸውን መሣሪያዎችና አውሎስ የሚባለውን የትንፋሽ መሣሪያም ከለከለ። «ሕጎች» በሚለው መጽሐፉ ደግሞ የዜማንና የሥዕልን መልክ ሳይለውጡ ጠበቁ ብሎ ግብጻውያንን ያመሰግናል።

ይህ አሳብ ከንቱ አይደለም። ሕፃን ነገርን ከመመዘኑ በፊት ዜማ ይሰማል፤ በእሹሩሩ የገባውም በክርክር በቀላሉ አይወጣም። የፕላቶን ስሕተት፥ ጥበቃውን ከመምህር ፍቅር ይልቅ በሕግ ክልከላ ላይ ማቆሙ ነው።

ደቀ መዝሙሩ አሪስቶትል አውሎስን ከልክሎ የፍርግያን ስልት ማስቀረት እርስ በርሱ አይስማማም ብሎ ነቅፎታል፤ ሁለቱም ስሜትን የሚያነሣሡ ናቸውና። ስለ አገር አንድነት ሲናገርም፥ አገርን ከመጠን በላይ አንድ ማድረግ የተስማማውን ዜማ ወደ አንድ ድምፅ እንደ መመለስ መሆኑን አስረዳ። እኔም ልጆችን መዝሙር ሳስተምር ድምፁ የወፈረውን አንዱን ልጅ ዝም አሰኘሁት። መዝሙሩ ጠራ፤ ነገር ግን ቀጠነ። በማግስቱ የታችኛውን ድምፅ ብሰጠው የሁሉም ዜማ ሞላ።

በሶቪየት ኅብረት እ.ኤ.አ. በ1948 ገዢው ፓርቲ የሕዝቡን የሙዚቃ ባህል ትታችኋል ብሎ ሾስታኮቪችንና ፕሮኮፊየቭን በውሳኔ አወገዘ። በ1958 ፍርዱ ትክክል እንዳልነበረ ራሱ አመነ፤ ፕሮኮፊየቭ ግን በ1953 ሞቶ ስለ ነበረ ይኸን አልሰማም።

የእኛ የቅዱስ ያሬድ ዜማስ? ግዕዝ፥ ዕዝልና አራራይ በተባሉት ሦስት ስልቶቹ እስከ ዛሬ የደረሰው፥ መምህር ለደቀ መዝሙር በቃል እያቀበለው ነው። ቤተ ልሔም፥ ቆማና አጫብር የአዜማዜም ልዩነታቸውን ይዘው አብረው ኖረዋል። በ16ኛው መቶ ዓመት ሊቃውንት የዜማ ምልክት ሲጨምሩለትም ዜማው አልፈረሰም፤ ይልቁንም ጸና።

እንግዲህ የአባቶቻችሁን ዜማ መጠበቅ ብትወዱ፥ ሌላውን ዝም ከማሰኘታችሁ በፊት እናንተ ተማሩት። የሚያዜመው ሰው የጠፋ ዜማ በዘብ ብዛት አይድንም።