ገበሬው ያላየው የገበሬ ፊልም

የኃይሌ ገሪማን «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» ረጅም ነው፣ ይጎተታል የሚሉ ብዙ ናቸው። እኔም አንዱ ነበርኩ። ሁለት ሰዓት ተኩል የሚፈጀውን ፊልም መጀመሪያ አዲስ አበባ ውስጥ ሳየው፣ ግማሹ ቢቆረጥ ምን ይጎድለዋል ብያለሁ። ሐሳቤን ያስለወጠኝ ሸዋ ሮቢት ነው።

አጎቴ በይፋት ቆላ የጢሰኛ ልጅ ሆነው ያደጉ ናቸው። ፊልሙን ቤታቸው በቪዲዮ አሳየኋቸው። ባለመሬቱ ደጁ ላይ ተቀምጦ ሲሳደብ ዝም ብለው አዩ። በሬዎቹ ሲጠመዱ ወደ ቴሌቪዥኑ ጠጋ አሉ። ልጅቱ ከብት ለማትረፍ ስትል ደራሽ ውሃ ሲወስዳት ግን አፋቸውን በጋቢያቸው ያዙ። ሮቢት ላይ ሰማዩ ጠርቶ ሳለ ደጋ የዘነበው ዝናብ ወንዙን ሞልቶ ሲመጣ ያየ ሰው ነገሩን ያውቀዋል። እኔን ያሰለቸኝ ዝግታ ለእሳቸው የእርሻ ቀን ልክ ነበር።

ኃይሌ ይህን ፊልም የቀረፀው እ.ኤ.አ. በ1974፣ አገሩ በአብዮት ስትናጥ፣ በሁለት ሳምንት ግድም ውስጥ ነው። የገጠር መሬት አዋጅ ገና አልታወጀም ነበር። በጥቁርና ነጭ ፊልም፣ በአነስተኛ ገንዘብ፣ ያለ አለቃ ሠራው። ይህ ነፃነት በኋላም አልተለየውም። በ1993 የወጣውን «ሳንኮፋ»ን የአሜሪካ አከፋፋዮች ባይቀበሉት ሲኒማ ቤት እየተከራየ ራሱ አሳየ። በ2008 የወጣው «ጤዛ» ደግሞ በቬኒስ የዳኞችን ልዩ ሽልማት አገኘ፤ ሙዚቃውን ከሠሩት አንዱ የእኛው ጆርጋ መስፍን ነው።

ጉድለትስ የለበትም? አለበት። በተለይ «ጤዛ» ውስጥ ምሁራኑ ሲከራከሩ ሰዎቹ ይጠፉና መፈክሩ ይቀራል። ወደ መንደሩ ሲመለስ ግን ፊልሙ ነፍስ ይዘራል። ኃይሌ የሚረታኝ ሲያስረዳ ሳይሆን ሲያዳምጥ ነው።

ከዚህ የሚከብደኝ ሌላ ነው። ፊልሙ ስለ ገበሬው ተሠርቶ በየአገሩ ፌስቲቫል ሲታይ፣ አጎቴ ያዩት የእህታቸው ልጅ ካሴት ይዞ ስለ ሄደ ብቻ ነው። ለዚህ ጥፋቱ የኃይሌ አይደለም፤ እሱ ፊልሙን ሠርቷል። ወደ ገበሬው ማድረስ ግን የእኛ የከተሜዎቹ ዕዳ ነበር።

ሲያበቃ አጎቴን ረዘመብዎት ወይ አልኳቸው። በሬዎቹ ገና አልተፈቱም እኮ አሉኝ።