ዜማው የጠፋ ምልክት፦ የቤቲ ብላይዝ ንግሥተ ሳባ በቤተ ልሔም መስፈርት

ጋይንት ቤተ ልሔም ድጓ ሊያስመሰክር የሚሄድ ተማሪ፣ በልማዱ፣ በገዛ እጁ የጻፈውን መጽሐፍ ይዞ ይቀርባል። መጽሐፉ ግን አያስመርቀውም። የዜማ ምልክቶቹ፣ ይዘቱ፣ ቅናቱ፣ ርክርኩ፣ ድፋቱ፣ ከግእዙ መስመር በላይ አንድም ሳይጎድል ቢሰፍር እንኳ መምህሩ የሚመዝኑት ከአፉ የሚወጣውን ነው። ምልክት ዜማውን አስቀድሞ ለሰማ ሰው ማስታወሻ ይሆነዋል፤ ላልሰማው ጭረትና ነጥብ ነው። ስለዚህም ከቆማ፣ ከአጫብርና ከተጉለት ስልቶች ይልቅ የቤተ ልሔሙ በአገሩ ሁሉ የተስፋፋው በብራናው ብዛት ብቻ አይደለም፤ ከአፍ ወደ ጆሮ የሚያሻግሩት መምህራን ስላልተቋረጡ ጭምር ነው።

ይህ መስፈርት ከቤተ ክርስቲያን ቅጥር ውጭም ያገለግላል። ድምፅ አልባ በነበረው የፊልም ዘመን የእኛዋን ንግሥት የተጫወተችው ተዋናይት ቤቲ ብላይዝ የምትታወቀው በፎቶግራፍ ነው፤ ፎቶግራፉ ደግሞ ምልክቱ እንጂ ዜማው አይደለም። ሃያሲው ግን መቶ ዓመት ሙሉ በምልክቱ ብቻ ሲፈርድባት ኖሯል።

ኤልዛቤት ብላይዝ ስሎተር እ.ኤ.አ. በ1893 ሎስ አንጀለስ ውስጥ ተወለደች። በመድረክ ቴአትር ጀምራ በ1918 ኒው ዮርክ ብሩክሊን ወደነበረው የቫይታግራፍ ፊልም ኩባንያ ገባች፤ ከኩባንያው አዘጋጆች አንዱ የነበረውን ፖል ስካርደንን አግብታም እስኪሞት ድረስ አብራው ኖረች። እስከ 1920 ድረስ ስሟ ከብዙዎቹ መካከል አንዱ ነበር። ዕጣዋን የለወጠው የፎክስ ኩባንያ ነው። ቴዳ ባራ የምትባለው የኩባንያው ታላቅ ኮከብ ለቅቃ ሄዳ ነበርና ዳይሬክተሩ ጄ. ጎርደን ኤድዋርድስ፣ ባራን በ1917 ክሊዮፓትራ ያደረጋት ሰው፣ ለቀጣዩ የጥንት ዘመን ፊልሙ አዲስ ንግሥት ፈለገ። «ንግሥተ ሳባ» በ1921 ለሕዝብ ቀረበ። ሰሎሞንን ፍሪትዝ ላይበር ተጫወተው፤ ፊልሙ በሰፊው የተወራለትን የሠረገላ ውድድር ያሰናዳው የካውቦይ ፊልሞቹ ጀግና ቶም ሚክስ ነው። ብላይዝ 28 ልብስ ቀያይራለች ይባላል፤ ሁሉም ተደምረው አንድ ሰው ከብርድ አያስጥሉም ተብሎ ተቀልዶባቸዋል። ያኔ የተጀመረው ቀልድ እስከ ዛሬ ከስሟ አልተላቀቀም፤ ስለ እሷ የተጻፈ አጭር ማስታወሻ ሁሉ የሚጀምረው ከዚያው ልብስ ነው።

የዘመኑን መገጣጠም ልብ ይሏል። ፊልሙ ሲወጣ ዓመቱ በእኛ 1913 ነው። አዲስ አበባ ላይ የካቲት 4 ቀን 1909 ዓ.ም. ዘውድ የጫኑት ንግሥተ ነገሥታት ዘውዲቱ በዙፋን ላይ ናቸው፤ የዙፋኑ ሐረግ የሚመዘዘውም ከዚያችው ከንግሥተ ሳባ፣ ከማክዳ፣ ነው። ሆሊውድ የሳባን ንግሥት ከመጽሐፍ ቅዱስ ጥቂት ቁጥሮችና ከገዛ ምናቡ ሲፈጥር፣ ታሪኩን እንደ ሕገ መንግሥት የሚጠቅስ አገር በሕይወት ነበረ። ክብረ ነገሥት ማክዳን የሚያስነሣት በነጋዴው በታምሪን ወሬ ነው፤ ስለ ሰሎሞን ጥበብ ደጋግሞ ሲነግራት ልቧ ይሸፍትና 797 ግመል አስጭና ትሄዳለች። ልጇ ቀዳማዊ ምኒልክ አባቱን ሊያይ የሚወርደው 22 ዓመት ሲሞላው ነው። የፎክስ ፊልም ግን የሚልከው ሕፃን ልጅ ነው፤ ወራሽ ሆኖ ሳይሆን አንጀት ሊያላውስ ይመጣል። ለዘመኑ የአሜሪካ ተመልካች የሚመቸው ይህኛው ነበር ብሎ መገመት አያስቸግርም።

ለድምፅ አልባ ተዋናይት የሚገባው ትዕይንት የትኛው ነው ብባል ከሠረገላው ይልቅ የውኃውን ሌሊት እመርጣለሁ። ሰሎሞን ቅመምና በርበሬ የበዛበት ግብር ያበላታል፤ በግድ እንዳይደርስባት ይምላል፣ እሷም ከቤቱ አንዳች ነገር በግድ እንዳትወስድ ትምላለች፤ ከዚያ ሌሊት ጥሙ ይነሣል። የዚያ ሌሊት ትግል ሁሉ በአካል የሚታይ ነው። መንቃት፣ መስማት፣ ንጉሡ ተኝቷል ወይስ እያየኝ ነው ብሎ ማመንታት፣ ወደ ውኃው የሚዘረጋ እጅ፣ እጁን የሚይዝ እጅ። የእኛ ሠዓሊዎች ይህን በሚገባ አውቀውታል። ብዙ ጊዜ በ44 ክፍል ተከፋፍሎ በሸራ ላይ የሚሣለው የማክዳ ታሪክ ከዘንዶው ጀምሮ በተርታ ይሄዳል፤ ከየሥዕሉ ሥር አጭር ጽሑፍ አለው፤ ድምፅ አልባው ፊልምም በምስሎቹ መካከል የሚያስገባው እንዲሁ ያለ ጽሑፍ ነበር። ንግሥቲቱ ሙሉ ፊቷን ወደ ተመልካቹ መልሳ፣ በሁለት ዓይኗ እያየች ትሣላለች፤ በአንድ ዓይን፣ በጎን የሚሣለው ክፉው ነው። የሠዓሊው ማክዳ በየገበያው እየተባዛች፣ በየእጁ ትንሽ ትንሽ እየተለወጠች እዚህ ደርሳለች።

የብላይዝ ንግሥት ይህ ዕድል አልነበራትም። የዚያ ዘመን ፊልም የሚታተምበት ናይትሬት የሚባለው ጥሬ ነገር እያረጀ ሲሄድ በሙቀት ብቻ ሊቀጣጠል የሚችል፣ አንዴ ከተያያዘም ውኃ የማያጠፋው ነው። እ.ኤ.አ. ጁላይ 9 ቀን 1937 በኒው ጀርሲ ሊትል ፌሪ የሚገኘው የፎክስ መጋዘን በበጋ ሙቀት ተቃጠለ፤ ኩባንያው ከ1930ዎቹ በፊት የሠራቸው ፊልሞች አብዛኞቹ፣ የቴዳ ባራ ሥራዎችም ጭምር፣ አመድ ሆኑ። ከ«ንግሥተ ሳባ» የተረፈው ጥቂት ሰከንድ ነው። በእርግጥ እሳት ብቻውን አላጠፋውም። ድምፅ ያለው ፊልም ከመጣ በኋላ አሮጌው ትርፍ ስለማያስገኝ ተጨማሪ ቅጂ የሚያስቀምጥ አልነበረም። የአሜሪካ ኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት በ2013 ያወጣው ጥናት ከ1912 እስከ 1929 ከተሠሩት 10,919 የአሜሪካ ድምፅ አልባ ረጃጅም ፊልሞች ውስጥ በመጀመሪያ ቅርጻቸው ሙሉ ሆነው የተገኙት 14 በመቶ ብቻ ናቸው ይላል።

ብላይዝ ራሷ ከእሳቱ በኋላ ብዙ ዘመን ኖራለች። ድምፅ ሲመጣ እንደ ብዙ እኩዮቿ አልተባረረችም፤ አነሰች እንጂ። ከኮከብነት ወደ ጥቃቅን ሚና ወርዳ በደርዘን የሚቆጠሩ ፊልሞች ላይ ሠርታለች። በመጨረሻ የታየችው በ1964 «ማይ ፌር ሌዲ» ውስጥ፣ በስሟ እንኳ ሳትጠቀስ፣ በግብዣው አዳራሽ ካሉት ሴቶች አንዷ ሆና ነው። በዚያው ሰሞን፣ በ1957 ዓ.ም.፣ የእኛ የመጀመሪያ ልብ ወለድ ፊልም «ሂሩት አባቷ ማነው» ወጣ። እኛ ድምፅ አልባውን ዘመን ዘለን ገብተናል፤ ስለዚህ ማክዳን በዝምታ የምትጫወት የራሳችን ተዋናይት ሳናይ ቀረን። ብላይዝ እ.ኤ.አ. በ1972 አረፈች።

እንግዲህ ፍርዱ ከምን ይነሣ? የተረፉላትን ማየት ነው። በ1925 በርሊን የተቀረጸው «ሺ» ዛሬም ይታያል፤ ራይደር ሃጋርድ፣ የልብ ወለዱ ደራሲ፣ የጽሑፎቹን ቃል ራሱ አዘጋጅቶለታል። ብላይዝ አሁንም የአፍሪካ ንግሥት ናት፤ አየሻ፣ በተሰወረ አገር የማታረጅ ነጭ ንግሥት። ይህ ሁለተኛው መሆኑ አጋጣሚ አይመስለኝም። የፊልም ኢንዱስትሪው አፍሪካዊት ንግሥት ሲያስፈልገው የሎስ አንጀለስ ልጅ ይጠራ ነበር፤ ይህ ወቀሳ ግን የሚገባው ለጠሪዎቹ ነው። ተዋናይቷን በተመለከተ «ሺ» የሚሰጠው ማስረጃ ልብሱ ከሚሰጠው የተለየ ነው። ረጅም ቁመቷን ሳታጎብጥ፣ እጇን ሳታበዛ፣ አንገቷን በማዞር ብቻ ሥልጣን ታሳያለች፤ ፊቷን ለማልቀስ ስትጨማድደው ግን የቴአትር መድረኩ ይታወቅባታል፣ ካሜራው ቅርብ መሆኑን ትረሳለች። ትእዛዝ የምታውቅ፣ ሐዘን የማይሆንላት ተዋናይት ናት። ይህ በአንድ ፊልም ላይ የቆመ ፍርድ ነው። ስለ «ንግሥተ ሳባ» ደፍሮ «በአለባበሷ እንጂ በትወናዋ አልታወቀችም» የሚል ሃያሲ ግን ያየውን ሳይሆን የተረፈውን እየመሰከረ ነው፤ ከውኃው ሌሊት ጋር ልትታገል ትችል እንደነበር ወይም እንዳልነበር ከአንድ ፎቶግራፍ ላይ የሚነበብ ነገር የለም።