መሳል የማይችለው የካርቱን ዳይሬክተር

መቼም እኛ ዘንድ ካርቱን ማለት የልጅ ማባበያ ነው። ወጡ እስኪበስል ልጁ ቴሌቪዥን ፊት ይጎለታል፤ ድመት አይጥ ታሳድዳለች፤ አበቃ። ማን ሠራው፣ ምን ሊል ፈልጎ ሠራው ብሎ የሚጠይቅ የለም። እኔ ዛሬ ልጠይቅ ነው። የማነሣላችሁ ሰው ጃፓናዊው ኢሳኦ ታካሃታ ነው። ዕድሜውን በካርቱን ዳይሬክተርነት ኖረ፤ ሠዓሊ ግን አልነበረም!

ቀልድ እንዳይመስላችሁ። ታካሃታ በቶኪዮ ዩኒቨርሲቲ ያጠናው የፈረንሳይ ሥነ ጽሑፍ ነው። እ.ኤ.አ. በ1959 ቶኤይ ዶጋ የሚባል የአኒሜሽን ድርጅት ገባ። በ1968 የመጀመሪያ ረዥም ፊልሙን አወጣ። ሥራው ከተያዘለት ጊዜና በጀት አለፈ፤ ገበያውም ቀዘቀዘ። በ1971 ድርጅቱን ለቀቀ። ሲኒማ ቤት ፊት የነሣውን ሰው ያስጠጋው ቴሌቪዥን ነው።

በ1974 «ሃይዲ» መጣች፤ በሳምንት አንድ፣ በጠቅላላው 52 ክፍል። ከዚያ በፊት ታካሃታና ባልደረቦቹ ስዊዘርላንድ ድረስ ሄደው አገሩን በዓይናቸው አይተዋል። ለልጆች ካርቱን ይሄን ያህል መንገድ! የየትዕይንቱን አቀማመጥ የሚነድፈው ደግሞ በኋላ ዓለም ያወቀው ሃያኦ ሚያዛኪ ነበር። ታዲያ ሚያዛኪ ከሳለ ታካሃታ ምን ሠራ? ምኑ እንደሚሳል፣ ለምን ያህል ጊዜ እንደሚታይ ወሰነ። ሰይፍ የለም፤ አስማት የለም፤ ፎርማጆ እሳት ላይ ይቀልጣል፣ ፍየል ይታለባል፣ ልጅቷ ድርቆሽ ላይ ትተኛለች። እኛም ቁጭ ብለን እናያለን።

እኔን የነካኝ ግን በ1976 የሠራው የማርኮ ታሪክ ነው። ምንጩ የጣሊያናዊው ኤድሞንዶ ዴ አሚቺስ አጭር ታሪክ ነው። ቤተሰቡ ዕዳ ስለገባ እናት ከጄኖዋ ተነሥታ አርጀንቲና ለሰው ቤት ሥራ ትሄዳለች። ደብዳቤዋ ይመጣል፤ ከዚያ ይቋረጣል። ልጅ እናቱን ፍለጋ ባሕር ይሻገራል። ታካሃታ ይህችን አጭር ታሪክ 52 ሳምንት ዘረጋት። ልጁ ከጄኖዋ ሳይነሣ ብዙ ሳምንት ያልፋል። ማርኮ የዋህ መልአክ አይደለም፤ ያኮርፋል፣ እናቱን አሰናበተ ብሎ አባቱን ይቀየማል።

እንከን የለውም አልልም። ልጁ ደረስኩ ሲል እናትየው ሌላ ከተማ ሄዳለች ይባላል፤ እንደገና ደረስኩ ሲል እንደገና። አንዳንዴማ «ሰውየው እኛን ለማስለቀስ ተማምሏል እንዴ?» ያሰኛል። ቢሆንም መጠበቅን በሁለት ሰዓት ፊልም መንገር ይቻል ይሆናል እንጂ ማስጠበቅ አይቻልም። ታካሃታ ግን ተመልካቹን ዓመት ሙሉ አስጠበቀው።

በኋላ በ1985 ከሚያዛኪ ጋር ስቱዲዮ ጂብሊን መሠረተ። በዘጠኝ ዓመቱ ከአየር ድብደባ የተረፈው ሰው በ1988 ስለ ጦርነትና ስለ ሁለት ወላጅ አልባ ልጆች የሠራው ፊልም ዝናውን አገነነው። በ2018 በ82 ዓመቱ ሲያርፍም በብዛት የተወሳው በሲኒማ ፊልሞቹ ነበር። እኔ ግን ምረጥ ብትሉኝ የቴሌቪዥኑን ታካሃታ እመርጣለሁ።

ለምን መሰላችሁ? የማርኮ ታሪክ ለእኛ ሩቅ ስላልሆነ ነዋ! ጄኖዋን በደሴ፣ ቦነስ አይረስን በቤሩት ወይም በጂዳ ተኩት። ስለ ሄደችው እናት እናወራለን፤ ስለ ደመወዟ፣ ስለ አሠሪዋ፣ ስለ ደረሰባት በደል። ይገባልም። ቤት የቀረውን ልጅ ግን ማን አየው? «ብሩ ደረሰ ወይ?» ብለን እርስ በርስ እንጠያየቃለን። እሱ «እማዬ ለምን አልደወለችም?» ሲል ግን መልሳችን «ዝም በል፣ ተጫወት» ነው። ካልሆነም ካርቱን እንከፍትለታለን።