ከመጻፍ በፊት ማንበብ፦ የጥበቃ ካሜራን ፈርምዌር ማደስና መመለስ

የቤት ጥበቃ ካሜራ በውስጡ አነስተኛ ኮምፒውተር ያለው ሲሆን፣ ሥራውን የሚመራው ፈርምዌር፣ ማለትም በፍላሽ ሜሞሪው ላይ በቋሚነት የተጻፈው ሶፍትዌር፣ በየጊዜው የደህንነት ክፍተት ስለሚገኝበት መታደስ ያስፈልገዋል። በእርግጥ እድሳት ብቻውን በቂ አይደለም፤ በ2016 እ.ኤ.አ. ሚራይ የተባለው ጎጂ ሶፍትዌር ብዙ ካሜራዎችን የተቆጣጠረው ከፋብሪካ የወጡበት የይለፍ ቃል ሳይቀየር በመቅረቱ ነበር።

በብዙ ርካሽ ካሜራዎች 8 ወይም 16 ሜጋባይት ብቻ በሚይዘው ፍላሽ ላይ መሣሪያውን የሚያስነሳው ቡትሎደር፣ የሊኑክስ ከርነል፣ ፕሮግራሞቹና የተጠቃሚው ቅንብር በየክፍላቸው ይቀመጣሉ። እድሳት በአብዛኛው ቡትሎደሩን ሳይነካ ከርነሉንና ፕሮግራሞቹን አጥፍቶ እንደገና ስለሚጽፍ፣ በመካከሉ መብራት ቢቋረጥ ካሜራው ሥራ ቢያቆምም የመመለሻው መንገድ አይዘጋም። ለምሳሌ በሁለተኛው የዋይዝ ካሜራ ሞዴል፣ የአምራቹ ፋይል «ዴሞ» ተብሎ፣ ቅጥያው «ቢን» እንደሆነ፣ በፋት32 በተዘጋጀ ማይክሮ ኤስዲ ካርድ ላይ ከማንኛውም ፎልደር ውጭ ይቀመጣል፤ ከዚያም የካሜራው ቁልፍ ተጭኖ እንደተያዘ ኃይል ይሰጠውና መብራቱ ሰማያዊ ሲሆን ቁልፉ ይለቀቃል። ቡትሎደሩ የሚፈልገው በዚያ ስም ስለሆነ፣ ስሙ የተለወጠ ፋይል ይዘቱ ትክክል ቢሆንም አይጫንም።

ካርዱ ካልሠራ ባለሙያው ካሜራውን ከፍቶ ዩአርትን፣ ማለትም መሣሪያው ሲነሳ መልእክቱን በተከታታይ የሚልክበትን መስመር፣ ከኮምፒውተር ጋር ያገናኛል፤ ብዙውን ጊዜ ፍጥነቱ በሴኮንድ 115200 ቢት፣ የሲግናሉ ቮልቴጅም 3.3 በመሆኑ፣ ባለ 5 ቮልት አስማሚ ቺፑን ሊያበላሽ ይችላል። የመልእክቱ የመጨረሻ መስመር ካሜራው የቆመው ከርነሉን ሲጭን ይሁን ፕሮግራሞቹን ሲከፍት ስለሚጠቁም፣ የተበላሸውን ክፍል ለመለየት ያገለግላል።

ይሁን እንጂ አንዳች ከመጻፉ በፊት የፍላሹ ይዘት እንዳለ ሁለት ጊዜ ተነብቦ፣ ቅጂዎቹ አንድ መሆናቸው መረጋገጥ አለበት፤ የማክ አድራሻው፣ ማለትም ካሜራው በኔትወርክ የሚለይበት ቁጥር፣ እንዲሁም ከአምራቹ አገልግሎት ጋር የሚያገናኙት ምስጢራዊ ቁልፎች በብዙ ሞዴሎች የሚገኙት እዚያው ብቻ ነውና። ከሌላ ካሜራ የተቀዳ ሙሉ ይዘት የቆመውን ካሜራ ቢያስነሳውም የሌላውን መታወቂያ ያሸክመዋል፤ የምስል ዳሳሾቻቸው የተለያዩ ከሆኑም ካሜራው ተነስቶ ምስል ላያሳይ ይችላል። ስለዚህ ብልሽቱ የት እንዳለ የለየ ባለሙያ ያንኑ ክፍል ብቻ መርጦ ይጽፋል፤ ሥራው ሙሉውን ፍላሽ ከመተካት ቢረዝምም፣ ከአምራቹ ድረ ገጽ የማይገኘውን የመሣሪያውን የግል መረጃ ያተርፋል።