ከቅቡ በስተኋላ ያለው ሰው

እንደ ፈረንጆች አቈጣጠር በ1883 ዓ.ም. የተወለደው አሜሪካዊው ሎን ቼኒ፣ በድምፅ አልባው ፊልም ዘመን መልኩን በገዛ እጁ እየቀባና እየለወጠ ስለ ተጫወተ «ባለ ሺህ ፊቱ ሰው» ተብሏል። በ1923 የኖትር ዳምን ጎባጣ ሆኖ የታየው በዚሁ ጥበቡ ነው። ነገር ግን ምስጋናውን ሁሉ ለቅቡ መስጠት ስሕተት ይመስለናል። ወላጆቹ መስማት የተሳናቸው ስለ ነበሩ፣ ሐሳብን በእጅና በፊት መግለጽን የተማረው በሕፃንነቱ ነው። «ያልታወቀው» በተባለው የ1927 ፊልም፣ ስለሚወዳት ሴት ሁለት ክንዶቹን ያስቈረጠ ሰው ሆኖ፣ እርስዋ ሌላውን መውደድዋን ሲሰማ ሳቁ ወደ ሲቃ ይለወጣል፤ በዚያች ሰዓት ፊቱን የሚሸሽግ ቅብ የለም። እንግዲህ ቅብ መልክን ይለውጣል እንጂ ሐዘንን አይፈጥርም፤ ቼኒም በ1930 ሲሞት ትቶልን የሄደው ትምህርት ይኸው ነው።