ግንቡን ከወታደሩ ኋላ

ባለፈው ክረምት አንድ የታክሲ ሾፌር ቼስ እንዳስተምረው መጣ። ዕድሜው ሃያ ሰባት ነው። ወንበሩን ስቦ እንደተቀመጠ መጀመሪያ ያለኝ፣ «ጋሼ፣ አልመሸብኝም?» ነው። ሰው ሲጠብቅ በስልኩ የሚያየው የዘጠኝ ዓመት ልጆች አዋቂዎችን ሲረቱ ነው፤ እሱ ጨዋታውን ያወቀው ገና የፋሲካ ሰሞን ነበር።

አልመለስኩለትም። ቦርዱን ጠራርጌ ሁለት ነገሥታት፣ ሁለት ግንብና አንድ ነጭ ወታደር ብቻ አስቀመጥኩና፣ «ይህን ወታደር ንግሥት አድርግልኝ» አልኩት። ሃያ ደቂቃ ታገለ። አልሆነለትም።

አጠገባችን ሌላ አሰልጣኝ ነበር፤ የረጅም ጊዜ ወዳጄ ነው። «መጀመሪያውን ያላወቀ ሰው ላይ መጨረሻውን ትጭንበታለህ?» አለኝ። በዚህ ነገር ከእሱ ጋር ስንከራከር ዓመታት አልፈዋል። እሱ የሚያስተምረው ከመክፈቻ ነው፤ ተማሪዎቹ አሥራ ሁለት አሥራ ሦስት እርምጃ በቃላቸው ይዘው ለውድድር ይቀርባሉ፤ ዋንጫም ይዘው ይመለሳሉ። አልክድም። ነገር ግን አሥራ አራተኛው ላይ ተጋጣሚያቸው ያልተጠበቀ ነገር ሲጫወት ፊታቸውን አይቻለሁ። አንዲት ጎበዝ ልጅ ያለቀላትን የግንብ ጨዋታ አቻ ወጥታ፣ ቦርዱ ላይ ተደፍታ ስታለቅስም አይቻለሁ። ለስድስት ወር የተማረችው ሁሉ ያ ሰዓት ሲደርስ ምንም አልሰጣትም። በቃል የተያዘ መክፈቻ የሌላ ሰው ሐሳብ ነው። አምስት ጠጠር ብቻ ሲቀር ግን የሚያስበው ተጫዋቹ ራሱ ነው፤ ለዚህ ነው ከዚያ የምጀምረው፤ ወደፊትም የምጀምረው ከዚያ ነው።

ለሾፌሩ ጥያቄ መልሱ ያለው አኪባ ሩቢንስታይን ሕይወት ውስጥ ነው። ሩቢንስታይን በ1880 (ዘመኑን ሁሉ የምጠቅሰው በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው) ዛሬ ፖላንድ በሆነው ምድር፣ ስታቪስኪ በምትባል ትንሽ ከተማ ተወለደ። አይሁድ የሆኑት ቤተሰቦቹ ለረቢነት ያጩት ልጅ ነበር። ቼስን ያወቀው በአሥራዎቹ ዕድሜው አጋማሽ ላይ ነው። ኩባዊው ካፓብላንካ አባቱ ሲጫወት እያየ በአራት ዓመቱ እንደተማረ ሲነገር፣ ይኸኛው ጢም ሊያበቅል ሲል ጀመረ ማለት ነው። ከዚያ ወደ ሎድዝ ከተማ ሄዶ ሕይወቱን ለዚህ ሰጠ። በ1909 ሴንት ፒተርስበርግ ላይ ከዓለም ሻምፒዮኑ ከኢማኑኤል ላስከር ጋር አንደኝነቱን ተጋራ፤ ሁለቱም 14 ነጥብ ተኩል ነበራቸው፤ ተከታዮቻቸው 11 ላይ ቀርተዋል። እርስ በርስ ሲገናኙ ደግሞ ያሸነፈው ሩቢንስታይን ነው፤ በምን? በግንብ ማብቂያ።

ያንን ጨዋታ ስንት ጊዜ እንደደገምኩት እኔም አላውቅም። ላስከር በመከላከል የሚታወቅ፣ ከሞት አፋፍ የሚመለስ ሰው ነበር። እዚያ ላይ ግን ግንቡ እንደ ዘበኛ አንድ በር ላይ ታስሮ ቀረ። ሩቢንስታይን የቸኮለበት አንድ እርምጃ የለም። ተማሪዎቼ «ምን አደረገ?» ሲሉኝ ለማስረዳት እቸገራለሁ፤ የሚታይ ጀብዱ የለውም። የላስከር ግንብ መሄጃ እያጣ፣ የእሱ እየሰፋ ይሄዳል፤ በቃ ይኸው ነው።

የግንብ ነገር ሁሉ ከዚህ ይመነጫል። ግንብህን ከሚገሰግሰው ወታደር ኋላ ስታቆመው፣ ወታደሩ በተራመደ ቁጥር ግንቡ አንድ ቤት ይጨመርለታል። ከፊት ያቆመው ሰው ግን በእያንዳንዱ እርምጃ አንድ ቤት ይቀንስበታል። ይህን በቃል የማያውቅ ተጫዋች የለም። ሰዓቱ አምስት ደቂቃ ሲቀረው የሚያደርገው ግን ጥቂት ነው።

ካፓብላንካን ያነሳሁት ያለ ነገር አይደለም። በ1924 ኒው ዮርክ ላይ ከታርታኮቨር ጋር ያደረገውን ጨዋታ ለሾፌሩ በሁለተኛው ሳምንት አሳየሁት። ካፓብላንካ ግንቡን ሰባተኛው ረድፍ ላይ ተከለና ንጉሡን ይዞ በቀኝ በኩል ወደ ፊት ዘመተ። ሁለት ወታደሮቹ በቼክ ተበሉ፤ ዞርም አላለ። ከሁሉ የሚደንቀኝ ቀጥሎ ያለው ነው፦ ንጉሡ አጠገብ የቆመውን ጥቁር ወታደር በነጻ መብላት ሲችል ትቶት አለፈ። ያ የጠላት ወታደር ከጥቁሩ ግንብ ቼክ የሚጋርደው ጥላ ሆነለታ! ሾፌሩ እዚህ ላይ ሲደርስ ስልኩን ኪሱ ከተተና ወንበሩን ጠጋ አደረገ።

ይኸው ካፓብላንካ በ1927 ቦነስ አይረስ ላይ የዓለም ሻምፒዮንነት ዘውዱን ለተጋጣሚው ለአሌኪን ሲያስረክብ፣ የመጨረሻው 34ኛው ጨዋታ የግንብ ማብቂያ ነበር። አሌኪን ግንቡን ከዳር ወታደሩ ኋላ አቁሞ፣ ንጉሡን ወደ ሌላው ክንፍ ወሰደ። ጨዋታው አድሮ ሊቀጥል ሲል ካፓብላንካ መሸነፉን በደብዳቤ አስታወቀ። በግንብ ማብቂያ ዕውቀቱ ዓለም የመሰከረለት ሰው በዚሁ መሸነፉን ሳስበው ዛሬም ያሳዝነኛል።

የእኛው የጥንቱ ቼስ፣ ሰንጠረዥ፣ ግን ግንብን እንዲህ አላከበረውም። በወረራ፣ ማለትም የመጀመሪያው ጠጠር እስኪበላ ሁለቱም ተራ ሳይጠብቁ በሚያንቀሳቅሱበት በዚያ ጥድፊያ የሚጀምረው ጨዋታ ሲያልቅ፣ በግንብ ወይም በፈረስ ንጉሥ መግደል እንደ ተራ ድል ይታይ ነበር። ክብሩ በደካማ ጠጠር መግደል ላይ ነበር። አባቶችን አከብራለሁ፤ በዚህ ግን አልስማማም። ግንብ እስከ መጨረሻው ቦርዱ ላይ የሚቆየው ቀጥ ብሎ ስለሚሄድ፣ ማዕዘን ላይ ተቀምጦ ስለሚጠብቅም ነው።

እኔን ያስተማሩኝ ጡረታ የወጡ የምድር ባቡር ሠራተኛ ነበሩ፤ ጨዋታውን ያወቁት ድሬዳዋ ሳሉ ነው። ለገሃር አጠገብ በነበረው ቤታቸው በረንዳ ላይ፣ በየእሑዱ ከቅዳሴ መልስ እቀመጥ ነበር። ሦስት ወር ሙሉ ከአንድ የግንብ ማብቂያ አላሳለፉኝም። ስሳሳት አይናገሩም፤ ጠጠሮቹን ወደ ቦታቸው ይመልሱና ቡናቸውን ያነሳሉ። ያን ጊዜ ሥራ ፈትቼ፣ ቤት ውስጥም ሰላም አጥቼ ነበር። ከሳምንቱ ሁሉ አንድ ነገር እስከ መጨረሻው የማስበው እዚያ በረንዳ ላይ ብቻ ነበር። ስለ ሩቢንስታይን የነገሩኝም እርሳቸው ናቸው።

የቀረውን ታሪክ ግን ዘግይተው ነው የነገሩኝ። ሩቢንስታይን በ1912 ብቻ አምስት ታላላቅ ውድድሮችን በአንደኝነት ጨረሰ፤ አንዱን ተጋርቶ። ከላስከር ጋር ለዓለም ሻምፒዮንነት ሊገጥም በ1914 ተቀጥሮ ሳለ ጦርነቱ ፈነዳ። ያ ቀጠሮ ተመልሶ አልመጣም። በ1930 ሃምቡርግ ላይ ለፖላንድ አንደኛ ቦርድ ተሰልፎ ከ17 ጨዋታ 15 ነጥብ አመጣ፤ አንድም አልተሸነፈም፤ ፖላንድም ወርቁን ወሰደች። ሁለት ዓመት ቆይቶ ከውድድር ራቀ። ሰው የመፍራት ሕመሙ አሸነፈው። ሁለተኛውን የዓለም ጦርነት ቤልጂየም ውስጥ ተረፈ፤ በ1950 ዓለም አቀፉ ፌዴሬሽን የመጀመሪያዎቹን 27 ግራንድማስተሮች ሲሰይም ስሙ ከመካከላቸው ነበር፤ በ1961 አንትወርፕ ውስጥ አረፈ። ሃምሳ ዓመት ሳይሞላው ወደ ሃምቡርግ እንደሄደና ከዚያ በኋላ ሠላሳ ዓመት ያህል እንደኖረ አስባለሁ። እነዚያን ዓመታት በምን አሳለፋቸው? ቦርድ ፊቱ ነበር?

«አልመሸብኝም?» ላለኝ ሰው ይህን ሁሉ ነገርኩት። ሃያ ሰባት ከአሥራዎቹ ዕድሜ ጋር አንድ እንዳልሆነም ነገርኩት፤ ግራንድማስተር አትሆንም አልኩት። ዝም ብሎ ሰማኝና «የግንቡን ግን እችለዋለሁ?» አለ። ትችለዋለህ አልኩት፤ ከልቤ ነው።

መምህሬ በመጨረሻው ዓመታቸው ትውስታቸው ከዳቸው። በልጃቸው ስም ይጠሩኝ ነበር። አንድ እሑድ ያችን የሦስት ወሯን ቦታ ደርድሬ ፊታቸው አቀረብኩ። ረጅም ጊዜ አዩዋት። ግንቡን ይገፋሉ ብዬ ስጠብቅ እጃቸው ወደ ንጉሡ ሄደ፤ አንድ ቤት፣ ወደ ጎን። ተሳሳቱ ብዬ ልቤ ተሰበረ፤ ምንም አልተናገርኩም፤ ጠጠሮቹን ሰብስቤ ግንባራቸውን ስሜ ወጣሁ።

ማታ ቤቴ ቦርዱን ዘርግቼ ስሞክረው ትክክል የነበረው የእርሳቸው ነው። በግንቡ ብገፋ አቻ ነበር። ሰኞ ሾፌሩ ሲመጣ የማስቀምጥለት ያችን ቦታ ነው።