የውሰት ገበጣ

«ተጫወቱ እንጂ!»

ቢታ ገነት ውስጥ ቡናው እስኪፈላ ድረስ ለእንግዳ የሚባለው ይኸው ነው። ተጫወቱ ማለት ኳስ አምጡ፣ ካርታ በትኑ ማለት አይደለም። አውሩ፣ ዝም አትበሉ፣ ቤቱ አይቀዝቅዝ ማለት ነው። አማርኛችን ወጉንም የልጆቹንም ሩጫ «ጨዋታ» በሚል አንድ ቃል ጠርቶ ሲያበቃ፣ መለየቱን ለሰሚው ትቶታል።

እናቴ ይህንኑ ቃል ይዛ፣ በ2018 ዓ.ም. ገና ሰሞን፣ እኔን አስከትላ ቶሮንቶ እኅቴ ቤት ገባች። ሦስቱ የልጅ ልጆቿ ሳሎን ተደርድረው ጠበቋት። ሳመች፣ ተሳመች፤ ከዚያ በኋላ ዝምታ ወረደ። የእናቴ አፍ ካፊኖኖና አማርኛ ነው፤ የልጆቹ እንግሊዝኛ። እርግጥ እኅቴ ቅዳሜ ቅዳሜ ወደ አማርኛ ትምህርት እየወሰደቻቸው የቃረሟቸው ጥቂት ቃላት አሉ፤ ቤት፣ ውሃ፣ ነይ፣ ተጫወቱ… እናቴ ዝምታው ሲከብዳት «ተጫወቱ እንጂ፣ ልጆቼ!» አለች። ሦስቱም ፊታቸው በራ። ቃሉን ያውቁታል! እያንዳንዳቸው ስልካቸውን አወጡና፣ አንገታቸውን ደፍተው መጫወት ጀመሩ።

አያታቸውን መታዘዛቸው ነበር። እኅቴ ሳቀች፤ እናቴ ግን አልሳቀችም።

ይህ ጽሑፍ ከዚያ ምሽት በኋላ ስላየሁት ነገር ነው፤ ኔትፍሊክስ በቴሌቪዥን ላይ ስለሚያቀርባቸው ጨዋታዎች። «ሒስ ለልብ ወለድና ለተውኔት ነው እንጂ ለልጆች መጫወቻ ምን ያደርግለታል?» የሚል አንባቢ እንደማይጠፋ አውቃለሁ። ሆኖም ጨዋታም እንደ ተውኔት ደንብ፣ መድረክ፣ ተዋናይና ተመልካች አለው። ከተውኔት የሚለየው ተመልካቹ ተነስቶ መድረኩ ላይ መውጣት መቻሉ ነው። ስለዚህ መመዘን ይገባዋል። የምመዝንበትን ሚዛን የተዋስኩት ግን ከፈረንጅ ሃያሲ ሳይሆን ከእናቴ ነው፦ ይህ ጨዋታ ጨዋታ ያመጣል ወይ?

በቅድሚያ ስለ ነገሩ አመጣጥ ጥቂት ልበል። ኔትፍሊክስ እኛን ጨምሮ ከ130 ለሚበልጡ አገሮች በሩን የከፈተው እ.ኤ.አ. በጥር 2016 ነው። ያን ጊዜ ሥራው ፊልምና ተከታታይ ድራማ ማሳየት ነበር። እ.ኤ.አ. በኅዳር 2021 ለስልክ የተሠሩ አምስት ጨዋታዎችን ጨመረ። ማስታወቂያ የለባቸውም፤ መሀል ላይ እያቋረጡም «ይህን ሰይፍ ለመግዛት ይህን ያህል ክፈል» አይሉም፤ ወርኃዊውን ክፍያ የከፈለ ሁሉ ይጫወታቸዋል። የልጆችን ኪስ በሚያልብ የስልክ ጨዋታ ዓለም ውስጥ ይህ ትንሽ ነገር አይደለም፤ ምስጋና ይገባዋል። ይሁንና ስልክ ያው ስልክ ነው፤ አንድ ሰው፣ አንድ አንገት፣ አንድ መስታወት። የእኅቴን ሳሎን ዝም ያሰኘውም እሱ ነው።

እ.ኤ.አ. በነሐሴ 2023 ኩባንያው በካናዳና በብሪታኒያ ለጥቂት ደንበኞቹ አንድ ሙከራ ጀመረ፤ ጨዋታው ወደ ቴሌቪዥን ሄደ፣ ስልኩም መጫወቻነቱ ቀርቶ መቆጣጠሪያ ሆነ። እ.ኤ.አ. በኅዳር 2025 ደግሞ ለቤተሰብና ለወዳጅ ስብስብ የታሰቡትን አወጣ፤ ፊደል እየለቀሙ ቃል የሚሠሩበትን ቦግልን፣ እየሳሉ የሚያስገምቱበትን ፒክሽነሪን፣ ቴትሪስንና ሌሎችንም። አጀማመሩ ቀላል ነው። ቴሌቪዥኑ ላይ ባለ አራት ማዕዘን ምልክት ይወጣል፤ በስልክዎ ካሜራ ያነሱታል፤ ገቡ ማለት ነው። ሌላ መሣሪያ መግዛት አያሻም።

ቴሌቪዥን ላይ መጫወት በራሱ አዲስ ነገር አይደለም። በልጅነቱ ከናዚ ጀርመን ያመለጠው ራልፍ ቤር የፈለሰፈው ኦዲሲ የተባለ መሣሪያ እ.ኤ.አ. በ1972 ገበያ ላይ ውሎ ነበር። የሚያሳየው ጥቂት የብርሃን ነጥቦችን ብቻ ስለነበር፣ ሜዳውን ለመምሰል መስታወቱ ላይ በቀለም የታተመ ስስ ፕላስቲክ ይለጠፍ ነበር። ድምፅም አልነበረው። ድምፅ ያልነበረው መሆኑን እንደ ጉድለት ብቻ አላየውም፤ ጩኸቱንና ሳቁን ለሰዎቹ ትቶላቸዋልና።

ወደ እኅቴ ሳሎን ልመለስ። በማግሥቱ ምሽት ትልቁ ልጅ ቴሌቪዥኑን ከፈተ። የጀመርነው በቦግል ነው። ልጆቹ ፊደሎቹን ሲለቅሙ ፈጣኖች ናቸው፤ ነጥቡም ቴሌቪዥኑ ላይ ይቆለላል። ዓይናቸው ግን ከየስልካቸው አልተነሳም። መድረኩ ግድግዳው ላይ፣ ተዋናዩ ጉያው ውስጥ! እናቴ ዳዊት የምትደግም ሴት ናት፤ ፊደል አልቸገራትም። የዚያ ቤት ፊደል ግን ሌላ ነው። ስልኩን በሁለት እጇ እንደ ጽዋ ይዛ ጥቂት ከቆየች በኋላ፣ «እናንተ ተጫወቱ፣ እኔ ላያችሁ» ብላ አስቀመጠችው። በእኔ ሚዛን ቦግል ወደቀ። በእንግሊዝኛ አፉን ለፈታ ቤተሰብ መልካም መፎካከሪያ ሊሆን ይችላል። የቤቱን ትልቅ ሰው ወደ ጥግ የሚያስቀምጥ ጨዋታ ግን የስብስብ ጨዋታ መባሉን አልቀበልም።

ቀጥሎ ፒክሽነሪ መጣ። ለሳዩ ቃል ይሰጠዋል፤ እሱ ይስላል፣ ሌላው ይገምታል። የእናቴ ተራ ሲደርስ ትንሿ ልጅ ቃሉን አነበበችና ጆሮዋ ላይ ሹክ አለቻት፤ «ቤት»። እናቴ በሌባ ጣቷ ስልኩ ላይ ሳለች። ክብ፤ ከላይ ሾጣጣ ጣሪያ፤ ከመሀል እስከ ጫፍ አንድ ምሰሶ። ቴሌቪዥኑ ላይ ግድግዳውን ሞላ። «እንጉዳይ!» አለ አንዱ በእንግሊዝኛ። «ጃንጥላ!» አለ ሌላው። «ባርኔጣ!» ሰዓቱ አለቀ። ነጥብ አልተገኘም።

«ምን አሉ?» አለች እናቴ። እኅቴ ተረጎመችላት። እናቴ እንባዋ እስኪወርድ ሳቀች፤ ከዚያም ጣቷን ወደ ሥዕሉ ቀስራ ታስረዳ ጀመር። ይህ ምሰሶ ነው፤ ቤቱን የሚሸከመው እሱ ነው። ይህ ሣር ነው፤ ቢታ ገነት ዝናብ ብዙ ነው፣ ዝናብ ሲመታው ግን እንደ ቆርቆሮ አይጮኽም። ልጆቹ ጠየቁ። ጢሱ በየት ይወጣል? በሣሩ መሀል። ከብቶቹስ የት ያድራሉ? እናንተስ? እኅቴ ከወዲያ ወዲህ ትተረጉማለች። ቴሌቪዥኑ ቀጣዩን ተራ እየጠበቀ ግማሽ ሰዓት ያህል ረሳነው። በዚያ ቤት የመጀመሪያው ጨዋታ ያኔ ተጀመረ፤ እናቴ በምትለው ትርጉሙ ማለቴ ነው።

ከዚህ የተማርኩት ነገር አለ። ጥሩ ጨዋታ መቋረጥን የሚችል ጨዋታ ነው። ሰዎች ወሬ ሲይዛቸው ገለል ብሎ የሚጠብቅ፣ ስህተትንም ለወግ መነሻ የሚያደርግ። ፒክሽነሪ ሳያስበውም ቢሆን ይህን አደረገ። ሙሉ ማርክ ግን አልሰጠውም። ሰዓቱ ዝግ ብሎ ለሚስል እጅ አይራራም። ቃሎቹም የሌላ ሰው ቤት ዕቃዎች ናቸው፤ በሚቀጥለው ተራ የመጣላት ቃል እኅቴ እንኳ ብትተረጉምላት እናቴ በዓይኗ አይታው የማታውቀው ነገር ነበር። ጀበናን ሳዪ የሚላት ጨዋታ ቢገኝ ማን ይችላት ነበር?

ከሁሉ የሚከብደው ጥያቄ ግን ሌላ ነው። ይህ ጨዋታ የማን ነው?

ሁለት ምሳሌ ላቅርብ። ኔትፍሊክስ እ.ኤ.አ. በታኅሣሥ 2018 «ባንደርስናች» የተባለ ፊልም አወጣ። ተመልካቹ በርቀት መቆጣጠሪያው እየመረጠ የባለታሪኩን ዕጣ የሚወስንበት፣ በፊልምና በጨዋታ መካከል የቆመ ሥራ ነው፤ ብዙ ተብሎለታል፣ ተሸልሟል። እ.ኤ.አ. በግንቦት 2025 ኩባንያው ራሱ ከመደርደሪያው አወረደው። ሁለተኛው «ሞኑመንት ቫሊ 3» ነው። እ.ኤ.አ. በታኅሣሥ 2024 በኔትፍሊክስ በኩል ወጣ፤ በሐምሌ 2025፣ ዓመት ሳይሞላው፣ ከሌሎች ብዙ ጨዋታዎች ጋር ከዚያ ተነሳ። ይህኛው ወዲያው በሌሎች መሣሪያዎች መሸጥ ስለጀመረ ከነሕይወቱ ተርፏል። የወር ክፍያውን ከፍሎ ይጫወተው የነበረው ሰው እጅ ላይ ግን ምንም አልቀረም። መጽሐፍ ከኅትመት ቢወጣ አራት ኪሎና መርካቶ አሮጌ መጽሐፍ ተራ ይገኛል። ካሴት ቢጠፋ ጎረቤት ዘንድ አይታጣም። የወረደ ጨዋታን ግን ከማን ይዋሱታል? ሲጀመርም የውሰት ነበር።

የውሰት የሚሆንበት ሌላም መንገድ አለ፤ እሱን የተረዳሁት ወደ ቢታ ገነት ስንመለስ ነው። ፊልም በኢንተርኔት ሲታይ መሣሪያው የሚቀጥሉትን ሰከንዶች አስቀድሞ ቀድቶ ያስቀምጣል፤ መስመሩ ጥቂት ቢንተፋተፍ ተመልካቹ ላያውቅ ይችላል። ሩቅ አገር ባለ ኮምፒዩተር ላይ የሚሠራ ጨዋታ ግን አስቀድሞ የሚቀዳ ነገር የለውም፤ ቀጣዩ ምስል የሚወሰነው እርስዎ አሁን በሚነኩት ነው። ጣትዎ የነካው ያን ሁሉ ርቀት ሄዶ፣ ምስሉ ያን ሁሉ ርቀት መመለስ አለበት። ኔትወርክ አንዴ መጥቶ አንዴ በሚሄድበት ቦታ ይህ ምን ማለት እንደሆነ አንባቢ ይገምት። በዚህ ላይ በውጭ ምንዛሪ የሚከፍል ካርድ ሲጨመር፣ ጨዋታው ለቢታ ገነት ልጅ ሩቅ ነው።

የቢታ ገነት ልጅ ግን ያለ ጨዋታ አልተቀመጠም። አንድ ማታ ዝናብ አስጠለለኝና የፕሌይስቴሽን ቤት ገባሁ። የቆርቆሮ ጣሪያ፣ አንድ ቴሌቪዥን፣ ሁለት መቆጣጠሪያ፣ አንድ ረጅም አግዳሚ። በየግጥሚያው ይከፈላል። ሁለቱ ይጫወታሉ፤ አሥሩ ይዳኛሉ፣ ያሠለጥናሉ፣ ይሳደባሉ፣ ያጽናናሉ። ግጥሚያው ሊያልቅ ጥቂት ሲቀረው መብራት ጠፋ። ማንም ወደ ቤቱ አልሄደም። «ባትጠፋ ኖሮ አግብቼብህ ነበር!» «በሕልምህ!» ጨዋታው ቆመ፤ ጨዋታው ቀጠለ። እናቴ ያንን ደጃፍ ረግጣው አታውቅም፤ የዋለጌ ቤት ይመስላታል። በእሷ ሚዛን ከተመዘነ ግን ያ ጨለማ ቤት ከቶሮንቶው ሳሎን ይበልጣል። ዲስኩም የባለቤቱ ነው፤ መብራት ሲመጣ እዚያው ይገኛል።

ከሁሉም በላይ ደግሞ ገበጣ አለ። ሪቻርድ ፓንክረስት እ.ኤ.አ. በ1971 «ኢትዮጵያ ኦብዘርቨር» ላይ ባወጣው ጥናት በኢትዮጵያና በአፍሪካ ቀንድ ከመቶ የሚበልጡ የገበጣ ዓይነቶችን መዝግቧል። ጉድጓዱ መሬት ላይ ይቆፈራል፤ ጠጠር ከታጣ የቡና ፍሬ ይበቃል። ደንቡ በአፍ ይተላለፋል፤ ማንም ከመደርደሪያ አያወርደውም። ይህን ስል አዲሱን ሁሉ ትተን ወደ አመድና ጠጠር እንመለስ ማለቴ አይደለም። አዲስ አበባ ላይ ቅኔ ጌምስ የተባለው ድርጅት «ኩኩሉ» በሚለው የስልክ ጨዋታው ከአሳዳጇ የምታመልጥ ዶሮ ይዞልን መጥቷል፤ የራሳችን ቤት ነገር መስታወት ላይ ሊወጣ እንደሚችል አሳይቷል። ከአንድ ስልክ ወደ አንድ ሳሎን የሚያሻግረው ቢገኝ ደግሞ የበለጠ ደስ ይለኛል።

ፍርዴን ላጠቃልል። ኔትፍሊክስ ጨዋታውን ከጉያ አውጥቶ ግድግዳ ላይ ማድረጉ ትክክለኛ ሐሳብ ነው። አንገት ያቀናል፤ ዕድል ከቀናም አያትን ከልጅ ልጅ ያገናኛል። በአገር ውጭ ያላችሁ ወገኖች ደንበኝነቱ ካላችሁ ፒክሽነሪውን ሞክሩት፤ ሽማግሌ ባለበት ቤት ደግሞ ሰዓቱን አትመኑት፣ ነጥቡንም ናቁት። ግን የተሰጣችሁ ውሰት መሆኑን አትርሱ።

በቀደም እናቴ ቡናዋን እየቆላች ጠየቀችኝ። «ያ ቤት የሳልኩበት… ልጆቹ አሁንም ይጫወቱታል?»

«ክፍያው እስካለ፣ ኩባንያውም እስካላነሳው ድረስ» አልኳት።

«እንግዲያ የውሰት ነዋ!» አለችና መቁላቷን ቀጠለች።

አንድ ነገር ግን አልነገርኳትም ነበር፤ ኋላ ለእኅቴ በስልክ ነገርኳት። ፒክሽነሪ እ.ኤ.አ. በ1985 ሲወጣ ቴሌቪዥንም ኢንተርኔትም አላስፈለገውም። ወረቀትና እርሳስ ይበቃው ነበር። ወረቀትና እርሳሱን ማንም አያወርድባቸውም። የሚሳሉትን ቃላት ደግሞ እናቴ ከዚህ ሆና ልትመርጥላቸው ትችላለች።